ማይክ ጃኮብስ፤ ከትኬት አየር በአየር ንግድ እስከ ቦክስ ዙፋን

ስለ ቦክስ ሲወራ ስማቸው የሚነሳው ሪንግ ውስጥ ገብተው ቡጢ የተሰናዘሩት ናቸው፡፡ ጆ ሉዊስ፣ ሹገር ሬይ ሮቢንሰን፣ ሄንሪ አርምስትሮንግ… ማን ከማን ጋር፣ መቼ፣ የትና በስንት ዶላር እንደሚጋጠም የሚወስነውን ሰው ግን የሚያስታውሰው ጥቂት ነው፡፡ ከ1930ዎቹ አጋማሽ አንስቶ ለ10 ዓመታት ያህል በአሜሪካ ይህን ሁሉ ሲወስን የኖረው አንድ ሰው ነበር፡፡ ማይክ ጃኮብስ ይባላል፡፡

ጃኮብስ ቦክሰኛ አልነበረም፡፡ አሰልጣኝም ሆነ ዳኛ ሆኖ አያውቅም፡፡ እንጀራው ትኬት ነበር፡፡ ትኬት በአንድ እጁ ገዝቶ በሌላው እጁ አትርፎ የሚሸጥ፣ በእኛ አገር አነጋገር የአየር በአየር ነጋዴ ነበር፡፡ ይህ ሰው ነው እንግዲህ ለ22 ዓመታት በጥቁሮች ላይ ተዘግቶ የቆየውን የዓለም ከባድ ሚዛን ሻምፒዮና በር የከፈተው፡፡ የከፈተው ደግሞ የጥቁሮች መብት መረገጥ እንቅልፍ ነስቶት አይደለም፡፡ ከበሩ በስተጀርባ ገንዘብ ስለታየው ነው፡፡ በሩን ከከፈተ በኋላም ቁልፉን ኪሱ ከተተው፡፡

ታሪኩ ለእኛ ለኢትዮጵያውያን ፈጽሞ ባዕድ አይደለም፡፡ ለታላቅነት ካበቁት ግጥሚያዎች የመጀመሪያው የተካሄደው የሙሶሊኒ ጦር ኢትዮጵያን ለመውረር ሲሰናዳ በነበረበት በጋ ሲሆን፣ በዚያ ምሽት ኒውዮርክ ውስጥ የአገራችን ስም ከቦክስ ጋር አብሮ ይነሳ ነበር፡፡

የጀልባ ትኬት

ማይክል ስትራውስ ጃኮብስ እ.ኤ.አ. ማርች 17 ቀን 1880 በኒውዮርክ ከተማ ተወለደ (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዘመናት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)፡፡ ወላጆቹ ከምሥራቅ አውሮፓ ተነስተው፣ በአየርላንዷ ደብሊን በኩል አሜሪካ የገቡ አይሁዳውያን ስደተኞች ነበሩ፡፡ ቤተሰቡ ልጅ የበዛበት ነበርና ማይክ ገና በልጅነቱ ጋዜጣና ከረሜላ እያዞረ መሸጥ ጀመረ፡፡

በዚያን ዘመን የኒውዮርክ ሰው እሑድ እሑድ ለመዝናናት ወደ ኮኒ አይላንድ የባሕር ዳርቻ የሚሄደው በእንፋሎት ጀልባ ነበር፡፡ ጀልባዎቹ ከማንሃተን ደቡባዊ ጫፍ ይነሳሉ፡፡ የትኛው ጀልባ መቼ እንደሚነሳ፣ የትኛው ትኬት ለየትኛው ጀልባ እንደሚያገለግል ለማያውቅ መንገደኛ ግራ የሚያጋባ ነበር፡፡ ጀልባው ላይ ከረሜላ ሲሸጥ የዋለው ልጅ ግርግሩን ልብ ብሎ አየው፡፡ ሰው ለመጠጡና ለምግቡ ብቻ ሳይሆን ከግራ መጋባት ለመገላገልም ገንዘብ እንደሚከፍል ገባው፡፡ ትኬቱን ቀድሞ እየገዛ ለቸኮለው አትርፎ መሸጥ ጀመረ፡፡

ከዚያ በኋላ ወደ ኋላ አላለም፡፡ በጀልባዎቹ ላይ ምግብና መጠጥ የመሸጥ መብት ገዛ፤ እያደርም የራሱን ጀልባዎች ማሠራት ያዘ፡፡ ከጀልባ ወደ ቲያትር፣ ከቲያትር ወደ ኦፔራ፣ ከኦፔራ ወደ ስፖርት ተሸጋገረ፡፡ ኒውዮርክ ውስጥ ሕዝብ ተጋፍቶ የሚገባበት ነገር ካለ የጃኮብስ እጅ አይጠፋበትም፡፡ ትምህርት ብዙም አልገፋም፤ ነገር ግን የትኛው ወንበር ለማን በስንት እንደሚሸጥ በማወቅ የሚወዳደረው አልነበረም፡፡

የሪካርድ ቀኝ እጅ

ወደ ቦክስ ዓለም ያስገባው ቴክስ ሪካርድ ነው፡፡ ሪካርድ በአላስካ የወርቅ ግርግር ዘመን መጠጥ ቤትና ቁማር ቤት ሲያንቀሳቅስ ኖሮ በኋላ የዘመኑ ታላቅ የቦክስ ፕሮሞተር ለመሆን የበቃ ሰው ነው፡፡ ቁማርተኛ ነበርና ደፋር ነው፤ ለቦክሰኞች ማንም ያልሰማውን ገንዘብ ቃል ይገባል፡፡ ችግሩ ቃል የገባው ገንዘብ ሁልጊዜ በእጁ አለመኖሩ ነው፡፡ ጃኮብስ የሚያስፈልገው እዚህ ላይ ነበር፡፡ የትኬት ነጋዴዎችን አስተባብሮ ገና ላልተካሄደ ግጥሚያ ገንዘብ በቅድሚያ ያስከፍላል፤ እነሱም በምላሹ ጥሩ ጥሩውን ወንበር ይይዛሉ፡፡

ጁላይ 2 ቀን 1921 በኒው ጀርሲ ጠቅላይ ግዛት ጀርሲ ሲቲ ውስጥ ጃክ ዴምፕሲና ፈረንሳዊው ዦርዥ ካርፓንቲየ ሲጋጠሙ ከ80 ሺህ በላይ ሕዝብ ተገኘ፡፡ ገቢው ከ1.7 ሚሊዮን ዶላር በላይ ሆነ፡፡ በቦክስ ታሪክ የመጀመሪያው የሚሊዮን ዶላር ግጥሚያ ነበር፡፡ ከበሮ የተመታው ለሪካርድ ነው፤ ለዝግጅቱ ገንዘብ ሲሯሯጥ ከነበሩት መካከል ግን ጃኮብስ ነበረበት፡፡

ሪካርድ በ1925 አዲሱን የማዲሰን ስኩዌር ጋርደን አዳራሽ አሠርቶ ከፈተ፡፡ በጃንዋሪ 1929 ግን በትርፍ አንጀት ሕመም ሳቢያ ማያሚ ቢች ላይ በድንገት አረፈ፡፡ የጋርደን ኃላፊዎች የሪካርድን ወንበር ለጃኮብስ አልሰጡትም፡፡ በዚያው ዓመት መገባደጃ የአክሲዮን ገበያው ወደቀ፡፡ ተመልካቹ ኪሱ ባዶ ሆነ፤ ቦክስም ቀዘቀዘ፡፡

የተዘጋው በር

የጃኮብስን ሥራ ለመመዘን ከእሱ በፊት የነበረውን ማወቅ ያስፈልጋል፡፡ ጥቁር አሜሪካዊው ጃክ ጆንሰን በ1908 አውስትራሊያ ውስጥ የዓለም ከባድ ሚዛን ሻምፒዮን ሲሆን የነጮች አሜሪካ አልዋጥ አላት፡፡ ጆንሰንን አሸንፎ የነጭን ክብር የሚያስመልስ ሰው ፍለጋ ተጀመረ፡፡ ጡረታ ወጥቶ የነበረው ጂም ጄፍሪስ ተለምኖ ተመለሰ፡፡ ጁላይ 4 ቀን 1910 በኔቫዳዋ ሬኖ ከተማ ሁለቱ ተጋጠሙ፡፡ ግጥሚያውን ካዘጋጁት አንዱ ሪካርድ ሲሆን ዳኛውም ራሱ ነበር፡፡ ጆንሰን አሸነፈ፡፡ በዚያው ሌሊት በብዙ የአሜሪካ ከተሞች ብጥብጥ ተነስቶ ሰዎች ሞቱ፡፡ ከሟቾቹ አብዛኞቹ ጥቁሮች ነበሩ፡፡

ጆንሰን በ1915 ሃቫና ላይ በጄስ ዊላርድ ሲሸነፍ በሩ ተዘጋ፡፡ በሕግ የተጻፈ ክልከላ አልነበረም፡፡ ያልተጻፈው ግን ከተጻፈው የበረታ ነበር፡፡ በ1920ዎቹ ሃሪ ዊልስ የተባለው ጥቁር ቦክሰኛ ዴምፕሲን ለመግጠም ዓመታት ቢጠብቅም ግጥሚያው ሳይካሄድ ቀረ፡፡ ሪካርድ የሬኖን ማግሥት አልረሳም ነበር፡፡ ፕሮሞተሮች፣ ማናጀሮችና ባለሥልጣናት ሁሉም የየራሳቸው ምክንያት ነበራቸው፤ ውጤቱ ግን አንድ ነው፡፡ ጥቁር ቦክሰኛ የከባድ ሚዛን ቀበቶ ለማግኘት መጋጠም አይችልም፡፡

የወተቱ ጠብ

በጋዜጣ ባለሀብቱ በዊልያም ራንዶልፍ ኸርስት ባለቤት የሚመራ አንድ የበጎ አድራጎት ማኅበር ነበር፡፡ ለደሀ ሕፃናት ወተት የሚያቀርብ ሲሆን ገቢውን የሚያሰባስበው በየጊዜው የቦክስ ግጥሚያ እያዘጋጀ ነው፡፡ በ1930ዎቹ መጀመሪያ የማዲሰን ስኩዌር ጋርደን አስተዳደር ለእነዚህ ግጥሚያዎች ያቀረበው የኪራይ ሒሳብ ቅሬታ አስነሳ፡፡ በኸርስት ጋዜጦች የሚሠሩት ዳመን ረንየን፣ ኤድ ፍሬንና ቢል ፋርንስወርዝ ጋርደንን የሚገዳደር ድርጅት የማቋቋም ሐሳብ መጣላቸው፡፡ ጋዜጠኞቹ ብዕርና ጋዜጣ አላቸው፤ ገንዘብና የትኬት ዕውቀት ያለው ሰው ግን ያስፈልጋቸዋል፡፡ ወደ ጃኮብስ ሄዱ፡፡

የትዌንቲየዝ ሴንቸሪ ስፖርቲንግ ክለብ የተወለደው እንዲህ ነው፡፡ የመጀመሪያ ግጥሚያው በጃንዋሪ 1934 በብሮንክስ አዳራሽ የተካሄደው የባርኒ ሮስና የቢሊ ፔትሮል ፍልሚያ ነበር፡፡ በፊት ለፊት የሚታየው ጃኮብስ ነው፤ ጋዜጠኞቹ ድርሻቸውን ከመጋረጃ በስተጀርባ ይዘዋል፡፡ ስለ ግጥሚያው የሚጽፈው ሰው ከግጥሚያው ትርፍ ይካፈላል ማለት ነው፡፡ ለጋዜጠኝነት ሙያ ነውር የሆነው ለጃኮብስ በረከት ነበር፡፡

ይሁንና ክለቡ አንድ ነገር ጎድሎት ነበር፡፡ ታላላቆቹን የከባድ ሚዛን ቦክሰኞች በውል የያዘው ጋርደን ነው፡፡ ጃኮብስ ጋርደን ያልያዘው፣ ያልፈለገው ሰው ያስፈልገዋል፡፡ ያ ሰው ዲትሮይት ነበር፡፡

ከዲትሮይት የመጣው ወጣት

ጆ ሉዊስ በ1914 በአላባማ ጠቅላይ ግዛት ከጥጥ እርሻ ገበሬ ቤተሰብ ተወልዶ፣ በ12 ዓመቱ ከቤተሰቡ ጋር ወደ ዲትሮይት የተሰደደ ወጣት ነው፡፡ ማናጀሮቹ ጆን ሮክስቦሮና ጁሊያን ብላክ ሁለቱም ጥቁሮች ሲሆኑ ገንዘባቸው በአመዛኙ የመጣው በጥቁሮች ሰፈር ከሚያካሂዱት ሕገወጥ የቁጥር ውርርድ ነበር፡፡ ባንክ ለጥቁር ነጋዴ በማያበድርበት ዘመን የጥቁር ቦክሰኛን ስንቅ የሸፈነው የአወራራጆች ገንዘብ መሆኑ የዘመኑን መልክ ያሳያል፡፡ አሰልጣኙ ጃክ ብላክበርንም የቀድሞ ቦክሰኛ ነበር፡፡

ሮክስቦሮ የጆንሰን ዘመን እንዳይደገም ሉዊስን በሥርዓት ያዘው፡፡ ከነጭ ሴት ጋር ፎቶግራፍ እንዳይነሳ፣ ብቻውን ምሽት ቤት እንዳይገባ፣ በወደቀ ተጋጣሚው ላይ እንዳይፎክር አዘዘው፡፡ ሉዊስም ታዘዘ፡፡ ያም ሆኖ የኒውዮርክ በር በቀላሉ አልተከፈተለትም፡፡ የጋርደኑ ጂሚ ጆንስተን ለሮክስቦሮ በስልክ፣ ሉዊስ ጥቁር በመሆኑ አንዳንዴ ለነጭ መሸነፍ እንደሚኖርበት ነገረው ተብሎ ለዓመታት ሲተረክ ኖሯል፡፡ ንግግሩ በዚያው አበቃ፡፡

ጃኮብስ የመጣው በዚህ መሐል ነው፡፡ በማርች 1935 ከኒውዮርክ ጋዜጠኞችን በባቡር ጭኖ ወደ ዲትሮይት ሄደ፡፡ ሉዊስ ከናቲ ብራውን ጋር ሲጋጠም አሳያቸውና በዚያው ሰሞን ውል ተፈራረመ፡፡ የሰጠው ቃል ቀላል ነበር፡፡ ሉዊስ መሸነፍ አይጠበቅበትም፤ የቻለውን ሁሉ ማሸነፍ፣ ከቻለም በዝረራ ማሸነፍ ይችላል፡፡ በምላሹ ሉዊስ የሚጋጠመው በጃኮብስ ብቻ ይሆናል፡፡ ፍትሕም እስራትም በአንድ ወረቀት ላይ ተጻፉ፡፡

የኢትዮጵያ ስም በያንኪ ስታዲየም

ለኒውዮርክ የመጀመሪያ ግጥሚያ ጃኮብስ የመረጠው ጣሊያናዊውን ፕሪሞ ካርኔራን ነው፡፡ ካርኔራ ቁመቱ ወደ 2 ሜትር የሚጠጋ፣ ክብደቱ ወደ 118 ኪሎ ግራም የሚደርስ ግዙፍ ሰው ሲሆን ከ1933 እስከ 1934 የዓለም ሻምፒዮን ነበር፡፡ የሙሶሊኒ መንግሥት የጣሊያን ጉልበት ማሳያ አድርጎ ይኩራራበት ነበር፡፡

ግጥሚያው የተቀጠረው ለጁን 25 ቀን 1935 ነው፡፡ ከ6 ወር በፊት ወልወል ላይ ግጭት ተነስቷል፡፡ የጣሊያን መርከቦች ወደ ኤርትራና ወደ ሶማሊያ ጦር ያጓጉዛሉ፡፡ ኢትዮጵያ አቤቱታዋን ለመንግሥታቱ ማኅበር አቅርባለች፡፡ በሃርለምና በሌሎች የጥቁር አሜሪካውያን ሰፈሮች ስለ ኢትዮጵያ ስብሰባ ይደረጋል፤ ገንዘብ ይዋጣል፤ ለመዝመት የሚመዘገብም ነበር፡፡ እንግዲህ በዚህ ሰሞን ነው አንድ ጥቁር ወጣት ከአንድ ጣሊያናዊ ግዙፍ ጋር ሪንግ የሚገባው፡፡ ጋዜጦች ሥዕሉን ሳሉት፤ ሕዝቡም ተቀበለው፡፡ ሉዊስ ኢትዮጵያ ሆነ፤ ካርኔራ ጣሊያን፡፡

በከተማው በጥቁሮችና በጣሊያን ተወላጆች መካከል ብጥብጥ ይነሳል የሚል ስጋት ነበር፡፡ ከ1,000 በላይ ፖሊሶች ተሰማሩ፡፡ ግጥሚያው ከመጀመሩ በፊት አስተዋዋቂው ተመልካቹ ዘርና እምነት ሳይለይ በጨዋነት እንዲከታተል ተማፀነ፡፡ ከ60 ሺህ በላይ ሕዝብ ያንኪ ስታዲየምን ሞልቶታል፡፡ ሉዊስ በክብደት ወደ 30 ኪሎ ግራም ቢበለጥም በ6ኛው ዙር ካርኔራን ደጋግሞ ጣለውና ዳኛው ግጥሚያውን አስቆመ፡፡ የተፈራው ብጥብጥ አልተነሳም፡፡ ሃርለም ግን ሌሊቱን በደስታ ስትጨፍር አደረች፡፡

ለዚያ ሕዝብ ምሽቱ ከስፖርት በላይ ነበር፡፡ ለጃኮብስ ደግሞ ሒሳብ ነበር፡፡ ውጥረቱ ግጥሚያውን ሊያሰርዝበት ይችል ነበር፤ ስላላሰረዘው ግን ትኬቱን አሞቀለት፡፡ ሴፕቴምበር 24 ቀን ደግሞ ሉዊስን ከቀድሞው ሻምፒዮን ማክስ ቤር ጋር በዚያው ስታዲየም አጋጠመው፡፡ ሉዊስ በ4ኛው ዙር ዘረረው፡፡ ገቢው 1 ሚሊዮን ዶላር ዘለለ፤ ከ1927 ወዲህ እንዲህ ያለ ገቢ ታይቶ አያውቅም ነበር፡፡ ከዚህ ምሽት 9 ቀን በኋላ፣ ኦክቶበር 3 ቀን 1935 የጣሊያን ጦር መረብን ተሻገረ፡፡

ቀበቶውን የገዛው ውል

በጁን 1936 ጀርመናዊው ማክስ ሽሜሊንግ ሉዊስን በ12ኛው ዙር ዘረረው፡፡ የጃኮብስ ሕንፃ የተናጋ መሰለ፡፡ በአሸናፊነቱ ሻምፒዮኑን ጂም ብራዶክን የመግጠም ተራው የሽሜሊንግ ነበር፤ ብራዶክም ከጋርደን ጋር ውል ነበረው፡፡ ሽሜሊንግ ካሸነፈ ቀበቶው ወደ ናዚ ጀርመን ሊሄድ ይችላል፡፡ በአሜሪካ የፀረ ናዚ ማኅበራት ደግሞ የሽሜሊንግን ግጥሚያ ለማስቀረት የተመልካች አድማ እየጠሩ ነው፡፡

ጃኮብስ ይህን ሁሉ ለራሱ ተጠቀመበት፡፡ ከብራዶክ ማናጀር ከጆ ጉልድ ጋር ተቀመጠ፡፡ ስምምነቱ ብራዶክ ከሉዊስ ጋር እንዲጋጠም፣ ከተሸነፈም ጃኮብስ ከከባድ ሚዛን ሻምፒዮና ግጥሚያዎች ከሚያገኘው የተጣራ ትርፍ 10 በመቶው ለ10 ዓመታት እንዲከፈለው ነበር፡፡ ጋርደን ውሌ ተጣሰ ብሎ ክስ መሠረተ፤ የኒው ጀርሲው ፌዴራል ፍርድ ቤት ግን አልተቀበለውም፡፡ ጁን 3 ቀን 1937 ሽሜሊንግ በቀጠሮው ቀን ቀርቦ ብቻውን ሚዛን ላይ ወጣ፡፡ ተጋጣሚው አልመጣም፡፡

ጁን 22 ቀን 1937 በቺካጎ ኮሚስኪ ፓርክ ሉዊስ ብራዶክን በ8ኛው ዙር ዘርሮ የዓለም ከባድ ሚዛን ሻምፒዮን ሆነ፡፡ 22 ዓመት የተዘጋው በር ተከፈተ፡፡ የከፈተው ቡጢ የሉዊስ ነው፤ እዚያ በር ድረስ ያደረሰው ግን የጃኮብስ ወረቀት ነበር፡፡ ከሽሜሊንግም ሆነ ከጋርደን አንፃር ሲታይ ወረቀቱ ንጹሕ አልነበረም፡፡ ንጹሕ በሚባለው መንገድ ደግሞ ሃሪ ዊልስ አርጅቷል፡፡

አንድ ሰው፣ አንድ ገበያ

ሻምፒዮኑን የያዘ ገበያውን ይይዛል፡፡ በዚያው 1937 ጋርደን እጁን ሰጥቶ የቦክስ ዝግጅቱን ለጃኮብስ ለቀቀለት፡፡ በ1938 ጋዜጠኞቹ ሽርካዎችም ወጡና ክለቡ የእሱ ብቻ ሆነ፡፡ ከአዳራሹ አጠገብ ያለው የ49ኛው መንገድ የእግረኛ መተላለፊያ የጃኮብስ ባሕር ዳርቻ የሚል ስም ወጣለት፡፡ ማናጀሮች፣ ቦክሰኞች፣ አወራራጆች፣ የትኬት ነጋዴዎችና ወሬ ለቃሚዎች ከጠዋት እስከ ማታ እዚያ ቆመው የእሱን ቢሮ በር ይጠብቃሉ፡፡

አሠራሩ ለመረዳት አያዳግትም፡፡ ሻምፒዮኑን መግጠም የፈለገ ቦክሰኛ ካሸነፈ በኋላ ለጃኮብስ ብቻ ለመጋጠም አስቀድሞ ይፈርማል፡፡ ስለዚህ ማንም አሸነፈ ማን፣ ቀበቶው ከጃኮብስ ቤት አይወጣም፡፡ የሬዲዮ ስርጭት መብትም በእሱ በኩል ይሸጣል፡፡ ሄንሪ አርምስትሮንግ በ1938 ሦስት የሻምፒዮንነት ክብሮችን በአንድ ጊዜ ሲይዝ፣ ሹገር ሬይ ሮቢንሰን ወደ ላይ ሲወጣ መንገዱ በ49ኛው መንገድ ነበር፡፡ ሁሉም ነገር ግን አልተሳካለትም፡፡ በሴፕቴምበር 1937 በአንድ ምሽት አራት የሻምፒዮና ግጥሚያዎች አዘጋጅቶ ኪሳራ ላይ ወድቋል፡፡

ትልቁ ምሽት ጁን 22 ቀን 1938 ነው፡፡ ሉዊስና ሽሜሊንግ በያንኪ ስታዲየም ዳግም ተገናኙ፡፡ 70 ሺህ ያህል ሕዝብ ተገኝቶ፣ ዓለም በሬዲዮ እያዳመጠ፣ ሉዊስ በ124 ሴኮንድ ውስጥ ሽሜሊንግን ዘረረው፡፡ ገቢው እንደገና ከ1 ሚሊዮን ዶላር በላይ ሆነ፡፡ የጥቁር ገበሬ ልጅ ለመላው አሜሪካ ጀግና ሆነ፤ አዘጋጁ ደግሞ የአይሁዳውያን ስደተኞች ልጅ ነበር፡፡ የሂትለር ሰዎች የሚንቋቸው ሁለቱም በዚያ ምሽት አሸናፊ ነበሩ፡፡

ቦክስን በአንድ ሰው እጅ ማስገባት ግን ዋጋ ነበረው፡፡ አማራጭ የሌለው ቦክሰኛ በክፍያ አይከራከርም፡፡ በማናጀሮች በኩል ደግሞ እንደ ፍራንኪ ካርቦ ያሉ የወንጀል ቡድን ሰዎች በዚያ ዘመን በቦክስ ውስጥ ሥር ሰደዱ፡፡ ጃኮብስ እያወቀ አላየሁም ብሏል የሚለው ወቀሳ ከሞቱ በኋላም አልተለየውም፡፡

የጦርነቱ ዘመንና ዕዳው

አሜሪካ ጦርነት ስትገባ ሉዊስ በጃንዋሪ 1942 ከበዲ ቤር ጋር ተጋጥሞ ወደ 47 ሺህ ዶላር የሚደርስ ድርሻውን በሙሉ ለባሕር ኃይሉ መርጃ ማኅበር ሰጠ፡፡ ጃኮብስም የራሱን ትርፍ ለቀቀ፡፡ ሉዊስ ወዲያው ወታደር ሆነ፡፡ በማርች ደግሞ ከኤብ ሳይመን ጋር የተጋጠመበትን ለእግረኛው ጦር ቤተሰቦች መርጃ አበረከተ፡፡ በኦገስት 1944 ጃኮብስ ባዘጋጀው የቦ ጃክና የቦብ ሞንትጎመሪ ግጥሚያ ደግሞ መግቢያው የጦርነት ቦንድ መግዛት ሲሆን፣ ከ35 ሚሊዮን ዶላር በላይ ቦንድ ተሸጠ፡፡

በዚህ ሁሉ መሐል ግን ሻምፒዮኑ ባለዕዳ ነበር፡፡ ሉዊስ እጁ የተፈታ፣ ለቤተሰብም ለወዳጅም የሚረጭ ሰው ነው፡፡ በጎደለው ጊዜ ጃኮብስ ያበድረዋል፤ ብድሩም ከሚቀጥለው ግጥሚያ ይታሰባል፡፡ በ1942 ለጃኮብስና ለሮክስቦሮ ያለበት ዕዳ በድምሩ ከ100 ሺህ ዶላር አልፎ ነበር፡፡ በዚያው ዓመት መጸው ከቢሊ ኮን ጋር ሊጋጠምና ከገቢው ዕዳው ሊከፈል ታቅዶ ነበር፡፡ የጦር ሚኒስትሩ ሄንሪ ስቲምሰን ግን ወታደር ሆኖ ለግል ዕዳ መጋጠም አይገባም በሚል ሰረዙት፡፡

ለአበዳሪ እንዲህ ያለ ዕዳ መጥፎ አይደለም፡፡ ባለዕዳ ሻምፒዮን ወደ ሌላ ፕሮሞተር አይሄድም፤ ጡረታም አይወጣም፡፡ ለጦሩ የሰጠው ገንዘብ እንኳ በኋላ ከግብር አላዳነውም፡፡ የአሜሪካ የገቢ ግብር መሥሪያ ቤት እንደ ገቢ ቆጥሮ ግብሩን ጠየቀው፡፡

የመጨረሻው ሚሊዮን

ጁን 19 ቀን 1946 የተራዘመው የሉዊስና የኮን ግጥሚያ በያንኪ ስታዲየም ተካሄደ፡፡ ጃኮብስ የሪንግ ዳር ወንበሮችን በ100 ዶላር ሸጠ፡፡ በዚያን ጊዜ 100 ዶላር ቀላል ገንዘብ አልነበረም፡፡ ገቢው ወደ 1.9 ሚሊዮን ዶላር ደረሰ፡፡ በቴሌቪዥን የተላለፈ የመጀመሪያው የከባድ ሚዛን ሻምፒዮና ግጥሚያም ይኸው ነው፡፡ ሉዊስ በ8ኛው ዙር አሸነፈ፡፡ ድርሻው ከ600 ሺህ ዶላር በላይ ቢሆንም ለጃኮብስና ለሮክስቦሮ ዕዳ፣ ለማናጀር፣ ለቀድሞ ሚስቱና ለግብር ሲከፋፈል ለእሱ የተረፈው ጥቂት ነበር፡፡

በዚያው ዓመት ዲሴምበር ላይ ጃኮብስ ጭንቅላቱ ውስጥ ደም ፈሶ ወደቀ፡፡ ነፍሱ ብትተርፍም የቀድሞው ሰው አልተመለሰም፡፡ ክለቡን የሚያስተዳድረው ዘመዱና ጠበቃው ሶል ስትራውስ ሆነ፡፡ በማርች 1949 ሉዊስ ከቦክስ መሰናበቱን አስታወቀ፡፡ ጄምስ ኖሪስና አርተር ዊርትዝ የተባሉ ባለሀብቶች ከሉዊስ ጋር ተስማምተው አዲስ ድርጅት አቋቋሙ፡፡ ጃኮብስም ድርሻው ተገዝቶ ወጣ፡፡ አንድ ጊዜ ጋርደንን እንዳስወጣው ሁሉ በተራው ወጣ፤ ያስወጡትም እሱ ባስተማረው ዘዴ ነው፡፡ ሻምፒዮኑን ይዘው ነበር፡፡ የኖሪስ ድርጅት በኋላ በሞኖፖል ተከሶ በ1959 የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እንዲበተን የተሰጠውን ውሳኔ አፀናበት፡፡ ፍርድ ቤት ያፈረሰው ሕንፃ መሠረቱ የተጣለው በ49ኛው መንገድ ነበር፡፡

ማይክ ጃኮብስ በጃንዋሪ 1953 በ72 ዓመቱ ማያሚ ቢች ላይ አረፈ፡፡ ጌታው ሪካርድ ከ24 ዓመት በፊት በዚያው በጃንዋሪ ወር የሞተባት ከተማ ናት፡፡ በ1990 ስሙ በዓለም አቀፉ የቦክስ የዝና አዳራሽ ሰፈረ፡፡

ምን እንበለው?

ጃኮብስን ነፃ አውጪ ማለት ይከብዳል፡፡ ጥቁሩን ቦክሰኛ ያስገባው ስላተረፈበት ነው፡፡ ባያተርፍበት ኖሮ ያስገባው ነበር ብሎ ለመከራከር ማስረጃ የለም፡፡ በዝባዥ ብቻ ብሎ ማለፍም እውነቱን ያጎድላል፡፡ ከእሱ በፊት የነበሩትም ትርፍ ይፈልጉ ነበር፤ የጥላቻ ልማዳቸው ግን ከትርፋቸው በልጦባቸው በሩን ዘግተው ኖሩ፡፡ ጃኮብስ ከእነሱ የሚለየው ትኬት የሚገዛ ሰው ቀለም አይታየውም ነበር፡፡

ጥቅም በር ሊከፍት ይችላል፡፡ የትኛውም ታሪክ አንባቢ ይህን አይክድም፡፡ የገባው ሰው ውስጥ ምን እንደሚገጥመው ግን ጥቅም አይጨነቅም፡፡ ጆ ሉዊስ ቀበቶውን ከ11 ዓመት በላይ ይዞ 25 ጊዜ ተከላክሏል፡፡ የግብር ዕዳው አስገድዶት በ1950 ወደ ሪንግ ተመልሶ በኤዛርድ ቻርልስ ተሸነፈ፤ በ1951 ደግሞ በሮኪ ማርሲያኖ ተዘረረ፡፡ በመጨረሻ ዕድሜው በላስቬጋስ አንድ የቁማር ሆቴል በር ላይ እንግዳ ተቀባይ ሆኖ ሠራ፡፡ በ1981 ሲሞት አርሊንግተን በሚገኘው የጀግኖች መካነ መቃብር በክብር ተቀበረ፡፡

በ1935 የበጋ ምሽት ያንኪ ስታዲየም ውስጥ የኢትዮጵያን ስም በልባቸው ይዘው የጮኹት ጥቁር አሜሪካውያን ትኬታቸውን የገዙት ከጃኮብስ ነው፡፡ እሱ የሸጠላቸው የወረቀት ቁራጭ ነበር፡፡ እነሱ የገዙት ግን ሌላ ነገር ነው፡፡ ከሁሉም ንግዱ በዋጋው ሊተምነው ያልቻለው ይህን ብቻ ሳይሆን አይቀርም፡፡